ግዥ የሚያውቀውን ሽያጭ ለምን አያውቅም? በየክፍሉ የታጠረ መረጃን ለመክፈት የሚያገለግል ዝርዝር መመሪያ

ከሜክሲኮ አደባባይ እስከ ለገሃር ግራና ቀኝ ከተሰለፉት ሕንጻዎች በአንዱ ውስጥ ያለ፣ የቢሮ ዕቃ ከውጭ እያስመጣ የሚሸጥ መካከለኛ ድርጅት አስቡ። ሽያጭ ምድር ቤት ነው፤ ለደንበኛ እንዲመች። ግዥና ፋይናንስ አምስተኛ ፎቅ ናቸው፤ መጋዘኑ ቃሊቲ ነው። ደንበኛ መጥቶ ከፍሎ ያዘዛቸው ሁለት ማተሚያ ማሽኖች መቼ እንደሚደርሱ ይጠይቃል። የሽያጭ ሠራተኛዋ «በአሥራ አምስት ቀን» ትለዋለች፤ የተነገራት እንደዚያ ነውና። የግዥ ባለሙያው ግን ኮንቴይነሩ በአንድ ሰነድ ጉድለት ሞጆ ደረቅ ወደብ ላይ እንደቆመ ካወቀ ቀናት አልፈዋል። ፋይናንስ ደግሞ ሰነዱ ባንክ ውስጥ ለምን እንደዘገየ ያውቃል። ሦስቱም የየራሳቸውን ሥራ በአግባቡ ሠርተዋል፤ አንዳቸውም አልዋሹም። ደንበኛው ግን ውሸት ተነግሮት ሄዷል።

እንዲህ ያለው ነገር ሲደጋገም አብዛኛው ሥራ አስኪያጅ ከሁለት አንዱን ያደርጋል። ወይ ስብሰባ ያበዛል፣ ወይ ሶፍትዌር ይገዛል። ስብሰባው ሪፖርት ማንበቢያ ይሆናል፤ ሶፍትዌሩም ከሦስት ወር በኋላ የይለፍ ቃሉን የሚያስታውስ ሰው ይጠፋለታል። በእኔ እምነት መረጃ የሚቆመው ሥራ ከአንድ ክፍል እጅ ወደ ሌላው በሚያልፍበት ቦታ ላይ ነው። ስለዚህ መጠገን ያለበት ያ መገናኛ ነው፤ ለዚያም በጀት አያስፈልግም። በየመገናኛው ላይ የሚነሣው ጥያቄ አንድ ብቻ ነው፦ ይህን ሳያውቅ የሚጎዳው ማን ነው?

ደረጃ 1፦ አንድ ሥራ መርጣችሁ ከጫፍ እስከ ጫፍ ተከተሉት

ሁሉንም ክፍል ከሁሉም ጋር በአንድ ጊዜ ለማገናኘት አትሞክሩ። 8 የሥራ ክፍሎችን ሁለት ሁለት አድርጋችሁ ብታጣምሩ 28 ግንኙነት ይወጣል፤ 12 ከሆኑ 66። ይህን ሁሉ የሚንከባከብ ሰው አይገኝም። ይልቅስ ደንበኛ ደጋግሞ የሚያማርርበትንና ቢያንስ በሦስት ክፍሎች የሚያልፍ አንድ ሥራ ምረጡ። በምሳሌያችን «ከትእዛዝ እስከ ርክክብ» ያለው ነው። በመንግሥት መሥሪያ ቤት ከሆነ የአንድ ፈቃድ እድሳት ሊሆን ይችላል።

ከዚያ በቅርቡ የተጠናቀቀ አንድ ጉዳይ ውሰዱ። በሂደት ላይ ያለ ጉዳይ ከሆነ ሰዎች ራሳቸውን ለመከላከል ስለሚነሡ፣ ያለቀው ይሻላል። ፋይሉን ከመዝገብ ቤት አውጡና ይዛችሁት ዙሩ። በእያንዳንዱ ጠረጴዛ ሦስት ነገር ጠይቁ፦ ይህ ጉዳይ ሲደርሳችሁ ምን ምን አብሮት መጣ? በማን በኩል መጣ? ያን ጊዜ ብታውቁት ኖሮ ሥራችሁን የሚያቀልላችሁ ምን ነበር? ሦስተኛው ጥያቄ ላይ አትቸኩሉ። ሰው መጀመሪያ «ምንም» ይላል፤ ትንሽ ቆይቶ ነው «እርግጥ የማሽኑን ልክ ቀድሜ ባውቅ መጋዘን ውስጥ ቦታ አስለቅቅ ነበር» የሚለው።

ለእያንዳንዱ መረጃ ሁለት ቀን መዝግቡ። አንደኛው በድርጅቱ ውስጥ ማንም ይሁን ማን ለመጀመሪያ ጊዜ ያወቀበት ቀን ነው። ሁለተኛው ያ መረጃ የሚያስፈልገው ሰው ያወቀበት ቀን ነው። በሁለቱ መካከል ያለው ልዩነት ሥራችሁ ነው፤ ከዚህ በኋላ የምትለኩትም እሱን ነው። «ማን ነው ያዘገየው?» ብላችሁ ግን አትጠይቁ። ይህ ጥያቄ ከተነሣ በኋላ የምታገኙት መልስ ሁሉ ለኮሚቴ የሚቀርብ መከላከያ ነው።

የጽሑፍ መጠይቅም አትበትኑ። መጠይቅ ላይ ሁሉም «ከሌሎች ክፍሎች ጋር ያለን ግንኙነት መልካም ነው» ብሎ ይሞላል። በእግራችሁ ሂዱ፤ ሾፌሮችንም አትርሱ። ቢሮውንና ቃሊቲን በቀን ሁለት ጊዜ የሚያመላልስ ሾፌር ከማንኛውም የክፍል ኃላፊ የተሟላ ሥዕል ይኖረዋል፤ የሚጠይቀው ግን የለም። ሕንጻው ሥር ጀበና ቡና የሚጠጣበት ቦታም እንዲሁ ነው። አምስተኛ ፎቅና ምድር ቤት በእውነት የሚነጋገሩት እዚያ ነው፤ ችግሩ እዚያ የተወራው ነገር መዝገብ ላይ አለመስፈሩ ነው።

ደረጃ 2፦ መረጃው ለምን እንደቆመ ለዩ

ምክንያቱ ሳይታወቅ የሚሰጥ መፍትሔ ጊዜ ያባክናል። አብዛኛውን ጊዜ ከአራቱ አንዱ ነው።

የመጀመሪያው፣ መናገር የማንም ሥራ አለመሆኑ ነው። የግዥ ባለሙያው የሥራ ዝርዝር ላይ «ዕቃው ሲዘገይ ለሽያጭ ያሳውቃል» የሚል የለም። ስለዚህ አልተናገረም፤ አላጠፋምም። ይህ ከሁሉም ቀላሉ ነው፤ አንድ ዓረፍተ ነገር መጨመር ይፈታዋል።

ሁለተኛው ርቀት ነው። የአሜሪካው ኤምአይቲ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪ ቶማስ አለን እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ መሐንዲሶችን አጥንተው፣ በጠረጴዛዎች መካከል ያለው ርቀት ሲጨምር ሰዎች የሚነጋገሩበት ድግግሞሽ በፍጥነት እንደሚያሽቆለቁል አሳይተዋል። መብራት ሲጠፋ አሳንሰሩ በሚቆምበት ሕንጻ ውስጥ አምስት ፎቅ ምን ያህል እንደሚርቅ መገመት አያዳግትም። በኮሪደር ልማቱ ምክንያት ከፒያሳ ወይም ከካዛንቺስ ተነሥተው ሁለት ሕንጻ ላይ የተከፈሉ ቢሮዎች ደግሞ የበለጠ ያውቁታል። መፍትሔው ጠረጴዛ ማዛወር ከሆነ አዛውሩ። ከግዥ አንድ ሰው በሳምንት ሁለት ግማሽ ቀን ሽያጭ ክፍል ተቀምጦ ቢሠራ ብዙ ነገር ይለወጣል።

ሦስተኛው ፍርሃት ነው፤ ከፍርሃቱ ጋር የተያያዘው ደግሞ ይሉኝታ። ወጣት ሠራተኛ ሃያ ዓመት ለሚበልጡት ኃላፊ «ጋሼ፣ የሰጡት ቀን አይደርስም» ብሎ መናገር ይከብደዋል። ቢናገርም ለሌላ ክፍል በቀጥታ ከሆነ «እኔ ሳላውቅ እንዴት ተናገርክ?» የሚል ተግሣጽ ይጠብቀዋል። ስለዚህ ወሬው ወደ ላይ ይወጣል፣ ከኃላፊ ወደ ኃላፊ ይሻገራል፣ ከዚያ ወደ ታች ይወርዳል፤ በየደረጃውም ትንሽ ትንሽ እየለሰለሰ ይሄዳል። «አይደርስም» የነበረው «ሊዘገይ ይችላል» ይሆናል፤ ቀጥሎ «ክትትል እየተደረገ ነው» ይሆናል። ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው እንደሚባለው፣ ጉዳዩ በቀጥታ የሚነካው ሰው የመጨረሻው ሰሚ ይሆናል። እዚህ ላይ «ግልጽነት ይኑር» የሚል ምክር ዋጋ የለውም። ሥራ አስኪያጁ ስሙንና ፊርማውን አኑሮ «የሚከተሉትን ጉዳዮች ማንኛውም ሠራተኛ የኃላፊውን ፈቃድ ሳይጠብቅ ለሚመለከተው ክፍል በቀጥታ ማሳወቅ ይችላል» ብሎ አምስት ስድስት ነገር ይዘርዝር፦ የዕቃ መዘግየት፣ የክምችት ማለቅ፣ የዋጋ ለውጥ፣ የደንበኛ ቅሬታ፣ የተበላሸ ዕቃ። ለኃላፊው ግልባጭ ይድረሰው፤ ፈቃድ ግን አይጠየቅ። የኃላፊው ክብር ይጠበቃል፤ መረጃውም አይታገትም።

አራተኛው አስቸጋሪው ነው። አንዳንድ ሰው የሚያውቀውን የሚይዘው ዋስትናው ስለሆነ ነው። መጋዘን ውስጥ ረጅም ዘመን ያገለገሉትን የንብረት ሠራተኛ አስቡ። ወጣቷ ሠራተኛ «ጋሼ፣ የቀለሙን ክምችት መዝግበው ቢልኩልን?» ስትላቸው «እኔ እያለሁ ወረቀት ምን ያደርግልሻል? ስልክ ደውዪልኝ» ይሏታል። እውነታቸውን ነው፤ ሲደወልላቸው በደቂቃ ውስጥ ይመልሳሉ። የታመሙ ዕለት ግን ድርጅቱ ዓይኑን ያጣል። እኚህን ሰው በስብሰባ ላይ «መረጃ ይደብቃሉ» ብሎ መክሰስ ጨርሶ እንዲዘጉ ማድረግ ነው። ሁለት ወጣቶች መድቡላቸውና እንዲያስተምሩ ጠይቋቸው፤ የሚነግሯቸው ሁሉ ይጻፍ፤ በሰነዱ የመጀመሪያ ገጽ ላይም ስማቸው ይቀመጥ። ዕድገትና ጉርሻ ሲሰጥ ላስተማሩት ጭምር እንደሆነ በግልጽ ይነገር። ያለዚያ የሚያውቁትን በነጻ እንዲያስረክቡ እየተጠየቁ ነውና እምቢ ቢሉ አይፈረድባቸውም።

ደረጃ 3፦ ቀን፣ ሰዓትና ዋጋ አንድ ትርጉም ይኑራቸው

ሰዎች ተነጋግረውም ሳይግባቡ የሚቀሩበት ጊዜ አለ፤ አዲስ አበባ ውስጥ ደግሞ ለዚህ የሚሆን ሰበብ ሞልቷል። ሁለት የዘመን አቆጣጠርና ሁለት የሰዓት አቆጣጠር በአንድ ቢሮ ውስጥ ጎን ለጎን እንጠቀማለንና።

«5/3/2018» ተብሎ የተጻፈ ቀን ምንድን ነው? ለመዝገብ ቤቷ ኅዳር 5 ቀን 2018 ነው፤ በፈረንጆቹ ኖቬምበር 14 ቀን 2025 ማለት ነው። ኮምፒውተሩ ግን የ2018 ማርች ወይም ሜይ አድርጎ ሊያነበው ይችላል። «ሁለተኛው ሩብ ዓመት» ሲባልም እንዲሁ ነው። በጀቱ ሐምሌ 1 ለሚጀምር መሥሪያ ቤት ከጥቅምት እስከ ታኅሣሥ ነው፤ በፈረንጆች ዓመት ለሚሠራ አጋር ድርጅት ከኤፕሪል እስከ ጁን። በስልክ የቀን መቁጠሪያ የተላከ የ«3፡00» ስብሰባ ጥሪም ግማሹን ሰው ጠዋት፣ ግማሹን ከሰዓት በኋላ ያመጣዋል። ቀን ከአንዱ አቆጣጠር ወደ ሌላው ስትመልሱ ደግሞ፣ መስከረም 1 አብዛኛውን ጊዜ ሴፕቴምበር 11 ቢውልም በአራት ዓመት አንዴ 12 እንደሚሆን አትዘንጉ። በዚያ ዓመት እስከ ፌብሩዋሪ መጨረሻ ድረስ ያለው ሁሉ በአንድ ቀን ይገፋል፤ የጨረታ መዝጊያ ቀን ከሆነ አንድ ቀን ብዙ ነው።

ይህ እንደ ቀልድ የሚታይ ነገር አይደለም። ናሳ እ.ኤ.አ. ሴፕቴምበር 1999 ማርስ ክላይሜት ኦርቢተር የተባለችውን መንኮራኩር ያጣው፣ መንኮራኩሯን የሠራው የሎክሂድ ማርቲን ኩባንያ ሶፍትዌር የግፊት ኃይል ስሌቱን በእንግሊዝ መለኪያ በፓውንድ እያወጣ ሲልክ የናሳ ቡድን በሜትሪክ መለኪያ በኒውተን ነው ብሎ በመቀበሉ ነው። ቁጥሩ ከአንዱ ወገን ወደ ሌላው በትክክል ደርሷል፤ መለኪያው ግን አብሮት አልሄደም።

ስለዚህ አንድ ገጽ ደንብ አውጡና በየጠረጴዛው ለጥፉ። ወር በስሙ እንጂ በቁጥር አይጻፍ። የዓመት ቁጥር ሁልጊዜ «ዓ.ም.» ወይም «እ.ኤ.አ.» ይከተለው። ሰዓት «ጠዋት»፣ «ከሰዓት በኋላ» ወይም «ማታ» የሚል ቃል ይኑረው። ዋጋ ሲጻፍ ተጨማሪ እሴት ታክስን እንደሚያካትት ወይም እንደማያካትት ይገለጽ፤ ታክሱ 15 በመቶ ስለሆነ ሽያጭ 100,000 ብር ያለውን ፋይናንስ 115,000 ብሎ ቢጠይቅ ደንበኛው የተጭበረበረ ይመስለዋል። ከሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. ጀምሮ የውጭ ምንዛሪ ተመን በገበያ እንዲወሰን ከተደረገ ወዲህ ደግሞ ፕሮፎርማ ላይ የዋጋው ማብቂያ ቀንና የተሰላበት ተመን መኖር አለባቸው። ሽያጭ ያለፈውን ወር ተመን ይዞ ዋጋ ከሰጠ፣ ኪሳራውን ፋይናንስ የሚያየው ሒሳቡ ሲዘጋ ነው።

ደረጃ 4፦ ሁሉም የሚያየው አንድ ሰሌዳ

አንድ የጋራ ሰንጠረዥ ይበቃል። በኮምፒውተር ላይ ቢሆን መልካም ነው፤ ኢንተርኔት የሚያስቸግራችሁ ከሆነ የሠራተኞች ክበብ ግድግዳ ላይ ነጭ ሰሌዳ ስቀሉ። ዋናው ነገር ሁለተኛ ቅጂ እንዳይኖር ነው። አንድ መስመር ይህን ይመስላል፦

ትእዛዝ ቁጥር 47፣ ሁለት ማተሚያ ማሽን። ያለበት፦ ሞጆ ደረቅ ወደብ፣ የስሪት አገር ማረጋገጫ ሰነድ ይጎድላል። ያረጋገጠው፦ ግዥ፣ ማክሰኞ ኅዳር 9 ቀን 2018 ዓ.ም.፣ ጠዋት 4 ሰዓት። ቀጣይ እርምጃ፦ ፋይናንስ ከባንኩ ጋር፣ እስከ ኀሙስ። ለደንበኛው የሚነገረው፦ «በቀጠሮው ቀን አይደርስም፤ አዲሱን ቀን ዓርብ እናሳውቅዎታለን።»

የመጨረሻውን ክፍል አትዝለሉት። ውስጥ ያለውን ሁኔታ ማወቅ አንድ ነገር ነው፤ ደንበኛ ፊት የቆመችው ሠራተኛ ምን ልትል እንደተፈቀደላት ማወቅ ሌላ ነው። ይህ ካልተጻፈ ወይ ትዋሻለች፣ ወይ «ኃላፊዬን ልጠይቅ» ብላ ትጠፋለች። «ያረጋገጠው» የሚለውም ከነሰዓቱ ይሞላ፤ ሦስት ቀን ያለፈው መስመር ካለ ሰሌዳውን የምትይዘው ሰው ትደውል። ሰሌዳውን የምትይዘው አንድ ሰው ትሁን፤ የምትቀርበትን ቀን የሚሸፍንም አስቀድሞ ይሰየም።

ደረጃ 5፦ መንገር ማለት ምን እንደሆነ ተስማሙ

«ነግሬያቸዋለሁ» እና «አልሰማንም» የሚባባሉ ክፍሎች ብዙውን ጊዜ ሁለቱም እውነታቸውን ነው። መልእክቱ ተልኳል፤ አልተነበበም ወይም ምን እንደሚጠይቅ አልታወቀም። «ያ የሞጆው ዕቃ ችግር አለበት፤ እያየነው ነው» የሚል መልእክት ለማንም ምንም አይነግርም። የትኛው ዕቃ? ምን ችግር? እኔስ ምን ላድርግ?

እንዲህ ይጻፍ፦ «ትእዛዝ ቁጥር 47፣ ሁለቱ ማሽኖች በቀጠሮው ቀን አይደርሱም። የስሪት አገር ማረጋገጫው ስላልመጣ ሞጆ ላይ ቆመዋል። ሽያጭ ዛሬ ለደንበኛው ይደውል። ፋይናንስ የባንኩን መልስ እስከ ኀሙስ ያምጣ። መጋዘን ያዘጋጀውን ቦታ ለሌላ ዕቃ ሊጠቀምበት ይችላል። ቀጣዩን ኀሙስ ከሰዓት በኋላ 10 ሰዓት እጽፋለሁ።» በመጀመሪያው ዓረፍተ ነገር ፍሬ ነገሩ አለ፤ ከእያንዳንዱ ክፍል የሚጠበቀው በስሙ ተጠርቷል፤ ቀጣዩ ዜና መቼ እንደሚመጣ ስለታወቀ በየሰዓቱ የሚደውል አይኖርም። ተቀባዩ የሚጠበቅበትን በራሱ ቃል መልሶ ሲጽፍ («ለደንበኛው ደውያለሁ፤ እስከ ዓርብ ይጠብቃሉ») ያኔ ተነግሯል ይባላል። የአውራ ጣት ምልክት አይቆጠርም።

ደረጃ 6፦ ስብሰባና ቴሌግራም

ስብሰባውን በአጭሩ ልለፈው። በሳምንት አንድ ጊዜ፣ ሃያ ደቂቃ፣ ሰሌዳው ፊት በቁም ይሁን። ያለፈው ሳምንት ሪፖርት አይነበብ፤ የተለወጠውና የተደናቀፈው ብቻ ይነሣ። ቃለ ጉባኤው በዚያው ዕለት ይውጣ፤ ገጹ ከአንድ አይለፍ።

ቴሌግራም ላይ ግን ትንሽ መቆየት ያስፈልጋል፤ የብዙዎቻችን ቢሮ የሚሠራው በእሱ ነውና። «ሁሉም ሠራተኛ» የሚባለው ቡድን የልደት ምኞት፣ የለቅሶ ማስታወቂያና የኮንቴይነር ዜና አንድ ላይ የሚፈስበት ከሆነ፣ የኮንቴይነሩ ዜና መጥፋቱ አይቀርም። በደረጃ 1 ለመረጣችሁት ሥራ ለብቻው ቡድን ክፈቱና የሰሌዳውን አድራሻ ከላይ ሰክታችሁ አኑሩ። የቀድሞ መልእክቶች ለአዲስ አባላት እንዲታዩ ቅንብሩን ክፈቱ፤ ካልተከፈተ አዲስ የመጣ ሠራተኛ ከባዶ ይጀምራል። ውሳኔ ግን ቴሌግራም ላይ አይደር። ላኪው መልእክቱን ከሁለቱም ወገን ማጥፋት ይችላል፤ በግል የተጻጻፉት ደግሞ ሠራተኛው ሲለቅ አብሮት ይሄዳል። በቡድኑ የተወሰነ ነገር በዚያው ቀን ወደ ሰሌዳው ወይም ወደ ፋይሉ ይገልበጥ።

የደንበኛ መታወቂያ፣ የሠራተኛ ደመወዝና የሕክምና ማስረጃ የትኛውም ቡድን ውስጥ አይግቡ። የግል መረጃ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321/2016 ወጥቷል፤ ክፍሎችን ማገናኘት ማለት የሰውን የግል መረጃ መበተን አይደለም። የጨረታ ግምገማም ውጤቱ እስኪገለጽ በኮሚቴው ውስጥ ይቆይ። የሚዘጋው ነገር ዝርዝሩ ታውቆ ሲጻፍ፣ ያልተጻፈውን ሁሉ «ምስጢር ነው» እያሉ መያዝ ይቀራል።

ደረጃ 7፦ ሰው ሲለቅ ወይም ሲዛወር

የተለመደው ርክክብ ወንበር፣ ኮምፒውተርና ቁልፍ ይቆጥራል። በዚያው ቅጽ ላይ ሦስት መስመር ጨምሩ፦ በእጄ ያሉ ያልተቋጩ ጉዳዮች፣ ለእያንዳንዱ የምደውልለት ሰውና ስልኩ፣ እኔ ብቻ የማውቀው ነገር። ሦስተኛውን ለመሙላት ተረካቢው ጎን ለጎን ተቀምጦ ቢያንስ አንድ ሙሉ ጉዳይ አብሮ ይሥራ። ይህ ሳይሞላ የመልቀቂያ ክሊራንስ አይፈረም።

ደረጃ 8፦ ከወር በኋላ እንደገና ለኩ

አሁንም ያለቀ አንድ ፋይል አውጡና ያንኑ ዙር ድገሙ፤ ያንኑ ሁለት ቀን መዝግቡ። ልዩነቱ ከቀነሰ ወደ ሁለተኛ ሥራ እለፉ። ካልቀነሰ ሰሌዳው ላይ የትኛው ዓምድ ባዶ እየቀረ እንደሆነ ተመልከቱ። «ያረጋገጠው» ባዶ ከሆነ ችግሩ ልማድ ነው፤ ክትትል ያስተካክለዋል። «ለደንበኛው የሚነገረው» ባዶ ከሆነ ግን ሠራተኛው የሚጠብቀው ፊርማ አለ፤ ፈራሚው ደግሞ ስብሰባ ላይ ነው ወይም መስክ ወጥቷል። ያን ጊዜ ለሠራተኛው ስልጠና መስጠት ትርፉ ድካም ነው። ኃላፊው በጽሑፍ ውክልና ይስጥ፤ በሌለበት ቀን የሚፈርመው ሰው ስምም ሰሌዳው ላይ ይውጣ።